አይነሳ የተባለው ፈፋ

ጡረታ ከወጣሁ ቆይቻለሁ። እንዳለፈው ወር ግን ተናድጄ አላውቅም። ኮተቤ አንድ አዳራሽ ውስጥ ወጣት የፊልም ባለሙያዎች የድሮ ሥራዬን ሊያሳዩ ጠሩኝና ኮቴን አስተኩሼ አያት ካለው ኮንዶሚኒየሜ ወርጄ ሄድኩ። ፊልሙ በደርግ ጊዜ የየካና የእንጦጦ እንጨት ተሸካሚ ሴቶችን ያነሳሁበት ነው። ልጆቹ የዚያን ጊዜውን የካድሬ ንግግር አጥፍተው ምስሉን ብቻ አሳዩት። ከሴቶቹ አንዷ፣ እትዬ አስካለ፣ ከነሸክማቸው ጎንበስ ብለው ሲመጡ ሳይ ከወንበሬ ልነሳ ምንም አልቀረኝም ነበር።

ሲያልቅ ተጨበጨበ። አንዲት መነጽር ያደረገች ልጅ እጇን አውጥታ፣ «ጋሼ፣ የተገፉ ሰዎችን እንዲህ ባለ ርኅራኄ ማንሳት እንዴት ቻሉ? ምሥጢሩን ቢነግሩን» አለችኝ። ልጅቷ ምንም አላጠፋችም፤ እንዲያውም ትሑት ናት። እኔ ግን ደሜ ፈላ። «ርኅራኄ የሚለውን ቃል ሁለተኛ እንዳትይኝ» አልኳትና ኮፍያዬን አንስቼ ወጣሁ። አዘጋጆቹ ምን እንዳጠፉ ሳያውቁ ይቅርታ እየጠየቁ እስከ አስፋልቱ ድረስ ተከተሉኝ።

እንግዲህ ምሥጢሩ ይኸውላችሁ። ከመነሻው ልጀምር።

በመንግሥት የፊልም ክፍል የተቀጠርኩት አብዮቱ በፈነዳ ሰሞን ነው። ደሞዙ ለአንድ ወንደላጤ የቤት ኪራይና ምሳ ይበቃል፤ ከዚያ በላይ ስለ ደሞዝ የምለው የለኝም። መጀመሪያ የተመደብኩት ፊልም ማጠቢያው ክፍል ነበር። በጨለማ ውስጥ ከኬሚካል ጋር ስታገል ጣቶቼ ቢጫ ሆነው ቀሩ። ሰው እጄን ሲጨብጥ የሲጋራ ሱሰኛ እመስለው ነበር። ከዚያ ወደ ቀረጻ ተዛወርኩ፤ ቀረጻ ማለት ደግሞ ስብሰባና ሰልፍ ነበር። እጅ ሲወጣ ታነሳለህ፣ እጅ ሲወርድ ታነሳለህ። በዚያ ጊዜ ያነሳሁት የእጅ ብዛት ለአንድ አገር ይበቃል።

የመጀመሪያው አለቃችን ዝምተኛና ደግ ሰው ነበሩ። አንድ ቀን ለስብሰባ ተጠርተው ወጡ፤ አልተመለሱም። በሳምንቱ ወንበራቸው ላይ ጓድ አበራ ተቀመጠ፤ የድሮው አለቃችን ኮት ግን እዚያው ማንጠልጠያው ላይ ክረምቱን አሳለፈ። ማናችንም አልጠየቅንም። ጓድ አበራ ስለ ፊልም የሚያውቀው አንድ ነገር ነው፤ ሕዝብ በዛ ወይስ አነሰ። የሰልፍ ፊልም አይቶ፣ «ሕዝቡ አነሰብኝ፤ ከሌላ ቀን ጨምሩበት» ይል ነበር። እንጨምርለታለን። ሰኞ ካፖርት የለበሰው ሰው ሐሙስ በሸሚዝ ያጨበጭባል።

ሥራ ያስተማሩኝ ጋሽ ታፈሰ ናቸው። ከንጉሡ ዘመን ጀምሮ ካሜራ የያዙ፣ አጭርና ደረቅ፣ ጉንፋን የማይለቃቸው ሰው ነበሩ። ሌንስ የሚጠርጉት በእናታቸው ነጠላ ቁራጭ ነው፤ ሌላ ሰው እንዲነካው አይፈቅዱም። ሸማኔ ሊያነሱ ከሄዱ መጀመሪያ ጉድጓዱ ውስጥ ገብተው መወርወሪያውን ይሞክራሉ። ቆዳ ፋቂ ዘንድ ከሄዱ ይፍቃሉ፤ ቀኑን ሙሉ እየሸተቱ ይውላሉ። «ሥራውን እጅህ ካልሞከረው ካሜራውን የት እንደምታቆም አታውቅም» ይሉኝ ነበር። ሰው ሁሉ አንቺ እያለ የሚጠራቸውን ሴቶች እርስዎ ይላሉ፤ እኔም እንድል ያስገድዱኛል።

ከሁሉም በላይ ግን ማስታወሻቸው ነበረች፤ ሰማያዊ ሽፋን ያላት፣ ከኪስ የማትበልጥ። ቀረጻ ከመጀመራቸው በፊት የሚነሱትን ሰዎች፣ «ምን እንዳይነሳ ትፈልጋላችሁ?» ብለው ይጠይቃሉ። የተባሉትን ጽፈው ከጎኑ «አይነሳ» ይሉበታል። እኔ ይህ የዋህነት ይመስለኝ ነበርና አንድ ቀን፣ «ለምን አናነሳውም? ካልተፈለገ በኋላ ቆርጠን እንጥለዋለን» አልኳቸው።

«የት ነው የምትጥለው?» አሉኝ። «ፊልም አንዴ ከታጠበ የመሥሪያ ቤቱ ነው፤ ያንተ አይደለም። የማይታየው ያልተነሳው ብቻ ነው።»

ነገሩ ገባኝ አልኩ እንጂ አልገባኝም ነበር።

አንድ የበጋ ወራት ጓድ አበራ ስለ ደን ጥበቃ ፊልም እንድንሠራ አዘዘ። ርእሱን ራሱ ነው ያወጣው፤ «ደናችንን እንጠብቅ» የሚል። በዚያ ጊዜ የእንጦጦ ባሕር ዛፍ የመንግሥት ሆኖ መግቢያው ላይ ኬላ ቆሞ ነበር። ሴቶቹ ጭራሮና ቅጠል ለቅመው ሾላ ገበያ እያወረዱ ይሸጣሉ፤ ዘበኞቹ ከያዟቸው ሸክማቸውን ይቀሟቸዋል፣ ገመዳቸውን ያቃጥሉታል፣ በዱላም ይሏቸዋል። ጋሽ ታፈሰ ትእዛዙን አነበቡና፣ «ደኑን የሚያውቁት እነሱ ናቸው፤ እነሱን እናነሳለን» አሉኝ። አለቃው ሳያውቅ ሥራው መልኩን ቀየረ። በጣም ደስ አለኝ፤ ለመጀመሪያ ጊዜ ከእጅ ሌላ የሰው ፊት ላነሳ ነው።

የሴቶቹ አውራ እትዬ አስካለ ነበሩ፤ በየካ ዳገቱ ላይ በጭቃ ቤት አራት ልጆች የሚያሳድጉ። ከጎናቸው የማትጠፋው ወርቄ የኔ እኩያ ናት፤ ምላሷ የሚላጭ፣ ሳቋ ከሩቅ የሚሰማ። ጋሽ ታፈሰ እንደ ልማዳቸው አስቀድሜ እንድሸከም አዘዙኝ። እትዬ አስካለ ሸክሙን ወገቤ ላይ አመቻችተው ገመዱን በደረቴ አዞሩና ቋጠሩልኝ። ቋጠሮው ጥበብ ነበረው፤ አንዱን ጫፍ ከሳቡት ሁሉም በአንዴ ይፈታል። ዘበኛ ሲመጣ ሸክሙን ጥለው የሚሮጡት በዚህ ነው።

ተነስቼ ሃያ እርምጃ ያህል ሄድኩ። ገመዱ ትንፋሽ ከለከለኝ። ወርቄ ከኋላዬ፣ «ቀስ በሉ፣ እንጨቱ ሰውዬውን ይዞት እየሄደ ነው» አለችና ሴቶቹን ሁሉ አሳቀቻቸው። እኔም እልህ ያዘኝና ከዳገቱ አጋማሽ በላይ ወረድኩ፤ ከዚያ ተደፋሁ። እትዬ አስካለ አቧራዬን እያራገፉ፣ «የመንግሥት ሰው ሸክማችንን ሲሸከም ዛሬ ገና አየሁ» አሉ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ልጃቸው ሆንኩ። ካሜራዬን ፊታቸው ላይ ሳስጠጋ አይሸማቀቁም ነበር። የኮተቤዎቹ ልጆች በፊልሙ ላይ ያዩት ርኅራኄ ይህ ነው።

ጋሽ ታፈሰ ማስታወሻቸውን አውጥተው ሲጠይቁ እትዬ አስካለ አንድ ነገር ብቻ አሉ። ከድሮው ወፍጮ ፍርስራሽ በላይ አንዲት ጠባብ ፈፋ አለች፤ ኬላውን ሳይነኩ የሚወርዱት በእሷ ነው። «ፊታችንንም አንሱ፣ ቤታችንንም አንሱ፣ ልጆቻችንንም አንሱ። እቺን ፈፋ ብቻ ተዉልን። እቺ ከተዘጋች እኛም አለቀልን» አሉ። ጋሽ ታፈሰ ጻፉ፤ ፈፋው፣ አይነሳ።

ብዙ ቀን አነሳን። በመጨረሻው ሳምንት ጋሽ ታፈሰን ጉንፋናቸው አስተኛቸውና ለብቻዬ ወጣሁ። ማለዳ ነው። ሴቶቹ አብሬ እንድወርድ ፈቅደውልኝ ነበርና ቀድሜ ፈፋው አፍ ላይ ደረስኩ። ጉሙ ሲነሳ ፀሐይ ከካራ በኩል፣ በፈፋው አፍ ባለች አንዲት የዘመመች ጽድ ቅርንጫፍ ውስጥ ገባች። ሴቶቹ በተርታ ብቅ አሉ፤ ሸክሙ ብቻ ነው የሚታየው፣ ቀጥሎ ግንባር፣ ቀጥሎ ዓይን። ከተቀጠርኩ ጀምሮ እንደዚያ ያለ ነገር አይቼ አላውቅም። ካሜራችን በእጅ የሚጠመዘዝ ነበር፤ አንዴ ጠምዝዘው ሲለቁት ግማሽ ደቂቃ እንኳ አይሠራም። እቆርጠዋለሁ፣ ለራሴ ብቻ ነው የማየው አልኩና ተጫንኩት። የጠመዘዝኩት እስኪያልቅ ድረስ ጣቴን አላነሳሁም። እትዬ አስካለ ሲያልፉ ካሜራውን ዓይኔ ላይ አዩት፤ የተጫንኩት አልመሰላቸውም መሰለኝ፣ ፈገግ ብለውልኝ አለፉ።

የተነሳ ፊልም ሁሉ በቁጥር ገቢ ይደረግ ነበርና ጥቅሉን መደበቅ አይቻልም። አጠብኩት። ለመቁረጥ ጠረጴዛው ላይ ከመዘርጋቴ በፊት ግን ጓድ አበራ ከደን ጥበቃ የመጡ ሁለት እንግዶች አስከትሎ ገባና የተነሳውን በሙሉ ላሳያቸው አለ። ፕሮጀክተሩን የማሠራው እኔ ነኝ። ያቺን ጥቅል ልዝለላት ብዬ እጄን ስሰድ ጓድ አበራ፣ «እሷንም፣ እሷንም» አለኝ። ጫንኳት።

ፈፋዋ መጋረጃው ላይ ወጣች። ከእንግዶቹ አንዱ ወፍራም ሰውዬ ወንበሩን ወደፊት ሳበና፣ «መልሳት እስቲ» አለኝ። መለስኳት። «አንዴ ደግሞ» አለ። በገዛ እጄ ሦስት ጊዜ አሳየሁት።

«የት ነው ይሄ?» አለኝ ጓድ አበራ።

«አላስታውስም፣ ጓድ።»

«እኔ አወቅኳት» አለ ወፍራሙ ሰውዬ። «ያቺ የዘመመች ጽድ ከወፍጮው በላይ ያለችው ናት። ለካ በዚህ ነው የሚያመልጡን።» ጓድ አበራ ሳቀና፣ «አያችሁ፣ ፊልም ለአብዮቱ የሚሰጠውን ጥቅም?» አለ።

ያን ለት ከሰዓት የካ መውጣት እችል ነበር። በማግስቱም እችል ነበር። ሰልፍ አለ ተባለና አደባባይ ተላክሁ፤ ሁለት ቀን ሙሉ እጅ ሳነሳ ዋልኩ። ታዝዤ ነው ብዬ ለራሴ ነገርኩት። ውሸት ነው። ማታ ማታ ነፃ ነበርኩ፤ ዳገቱን ወጥቶ «እንዳትሄዱ» ማለት የአንድ ሰዓት መንገድ ነው። ግን እንደዚያ ካልኳቸው ከየት አወቅህ ይሉኛል። ያን ጥያቄ ፈርቼ ቀረሁ።

በሦስተኛው ቀን ንጋት ዘበኞቹ ፈፋው ውስጥ ጠበቋቸው። ቦታው ጠባብ ነው፤ ቋጠሮውን ፈትቶ ሸክም መጣል እንጂ መሮጫ የለውም። ሰባት ሴቶች ተያዙ። ገመዳቸው እዚያው ተቃጠለ። እትዬ አስካለ ገመዴን አልሰጥም ብለው ሲታገሉ በዱላ ቀኝ እጃቸውን መቷቸውና አንጓው ተሰበረ። ሁለት ሳምንት ቀበሌ ታስረው ሲለቀቁ ወጌሻ ሊያቃናው ሞከረ፤ ጣቶቹ ግን ሁለተኛ አልታጠፉም። ያን ቋጠሮ መቋጠር አልቻሉም። የፈፋው አፍ በሽቦ ታጠረ።

ጋሽ ታፈሰ እንደተሻላቸው አብረን ልንጠይቃቸው ወጣን። እትዬ አስካለ እጃቸው በጨርቅ ተጠቅልሎ መደብ ላይ ተቀምጠዋል። እኔን ሲያዩ አለቀሱ። «አየህልኝ ልጄ» አሉኝ። «ወርቄ እኮ ናት የነገረችብን። እህቴ ያልኳት። ያን ለት ብቻ ልጄ አተኮሰው ብላ ቀረች፤ ስንፈታ ነው የሰማነው፣ ልጁ ውጭ ሲጫወት ነበር። ከእንግዲህ ከእኛ ጋር አትወጣም፤ ከዕድራችንም ተወግዳለች።»

እዚያ ቤት ውስጥ ነበር መናገር የነበረብኝ። አልተናገርኩም። ብዙ ዓመት ጓድ አበራን ፈርቼ ነው እል ነበር፤ እሱም ያስፈራ ነበር። ዋናው ምክንያት ግን እሱ አልነበረም። «ልጄ» መባሉን ማጣት አልፈለግሁም። በወርቄ ስም ገዛሁት።

ቁልቁል ስንወርድ ጋሽ ታፈሰ ድንገት ቆሙ።

«ፈፋውን አንስተሃል?»

«አዎ።»

«ልትነግራቸው አስበሃል?» አላሉኝም፤ ሌላ ምንም አልጠየቁኝም። ሰማያዊዋን ማስታወሻ ከኪሳቸው አውጥተው እጄ ላይ አስቀመጧት። «አንተ ያዛት። እኔ ከእንግዲህ ካንተ ጋር አልወጣም» አሉኝ። በወሩ ዕቃ ግምጃ ቤት ልመደብ ብለው ጠየቁ፤ እስከ ጡረታቸው ጥሬ ፊልም ሲያወጡና ሲያስገቡ ኖሩ። ፊልም ልወስድ በሄድኩ ቁጥር ቆጥረው ይሰጡኛል፣ ያስፈርሙኛል። ከዚያ የበለጠ ቃል ከአፋቸው አልሰማሁም። በዚህ ነገር የመታኝ ሰው ቢኖር እሳቸው ናቸው፤ ያለ ዱላ።

ፊልሙ አለቀ። የፈፋዋን ምስል ቆርጬ አወጣሁት፤ ምን ዋጋ አለው። ጓድ አበራ የሴቶቹን ድምፅ አስወጥቶ «ከአሮጌው ሥርዓት የተረፈ ኋላቀርነት» የሚል ንግግር አስነበበበት። በየስብሰባው ታየ። እኔ የደረጃ እድገት አገኘሁ፤ ወደ ክፍለ ሀገር እየተላክሁ እርሻ፣ ግድብ፣ ሰፈራ አነሳሁ። ጥሩ ባለሙያ ነው ተባልኩ። መንግሥት ሲለወጥም ባለሙያ ነው ተባልኩ። እትዬ አስካለ ማረፋቸውን የሰማሁት ከብዙ ጊዜ በኋላ፣ በአጋጣሚ፣ ከአንድ የየካ ልጅ ነው።

ከኮተቤው አዳራሽ በወጣሁ በማግስቱ ወርቄን ፍለጋ ተነሳሁ። ሰው ሲመራኝ ሲመራኝ ካራ ጫፍ፣ ከልጇ ግቢ አንድ ክፍል ውስጥ አገኘኋት። ፀሐይ ላይ ተቀምጣ ምስር ትለቅማለች። ጸጉሯ ነጥቷል፤ ወገቧ የሸክሙን ቅርጽ ይዞ ቀርቷል። ቀና ብላ አይታኝ፣ «ደሬ፣ እንጨቱ ገና አልለቀቀህም እንዴ? አንተም ጎብጠሃል» አለችኝ። ምላሷ ያው ነው።

አጠገቧ ተቀመጥኩ። ከእኔ የሚጠበቀው አንድ ዓረፍተ ነገር ነበር።

«ወርቄ፣ ያን ጊዜ ፈፋውን ያሳየሁት እኔ ነኝ።»

«አውቃለሁ» አለች፤ ከምስሩ ዓይኗን አላነሳችም።

«ማን ነገረሽ?»

«ማን ይነግረኛል? እኔ እንዳልተናገርኩ አውቃለሁ። ከእኛ ሌላ እዚያ የገባ ደግሞ አንተ ብቻ ነህ።»

«ታዲያ ለምን አልነገርሻቸውም?»

አሁን ሰፌዱን ወደ ጎን አደረገችው።

«ነገርኳቸው እንጂ። አስካለ ቤት፣ ሁሉም ባሉበት፣ ቆሜ ነገርኳቸው። ያ ካሜራ የያዘው ልጅ ነው አልኳቸው። ምን እንዳሉኝ ልንገርህ? እሱ ሸክማችንን ተሸክሟል፤ እሱ አያደርገውም አሉኝ።» ጣቷን ቀሰረችብኝ። ከዚያ፣ «እኔ ከልጅነቴ ጀምሮ አብሬያቸው የተሸከምኩ። አንተ አንድ ቀን፤ ለዚያውም ታች ሳትደርስ ወድቀህ።»

ይቅርታ ልል ነበር፤ በእጇ ከለከለችኝ።

«ለእኔ አትበል፤ እኔ የማላውቀውን አልነገርከኝም። የአስካለ ልጆች ዛሬም ሾላ ሲያገኙኝ ፊታቸውን ያዞራሉ። የልጅ ልጆቻቸው እንኳ ያውቁኛል፤ ያቺ ናት ይላሉ። ለእነሱ ተናገር። እኔ ብዬው አልተሰማሁም፤ አንተ ስትናገር ሰው ያጨበጭባል።»

ሰማያዊዋ ማስታወሻ አሁን ይህን ስጽፍ ጠረጴዛዬ ላይ ናት። የመጨረሻው የተጻፈበት ገጽ ላይ የጋሽ ታፈሰ እጅ ጽሑፍ አለ፤ ፈፋው፣ አይነሳ። ያቺ መነጽር ያደረገች ልጅ ምሥጢሩን ጠይቃኝ ነበር። ተሸከምኩላቸው፣ አመኑኝ፤ ስላመኑኝ ወርቄን ጣሏት። እንዲህ ነው የተሠራው።

የእትዬ አስካለ ልጆች፣ ይህን ጽሑፍ በእጄ ይዤ ቤታችሁ እመጣለሁ፤ ካልሆነልኝ ግን የሚያነብላችሁ አይጠፋም። ወርቄ አልነገረችባችሁም። የነገርኩት እኔ ነኝ።